የአውሬ ጭምብልና የሰው እውነት፦ የግሪክ ኮሜዲ፣ የላስታ ተረትና የአኒሜሽን ፊልም ዝምድና

በዛሬው ዘመን በላሊበላ ከተማ የሚያድግ ሕፃን፣ እንደ አዲስ አበባው ሕፃን ሁሉ፣ አረንጓዴውን ጭራቅ ሽሬክንና ለፍላፊውን አህያውን በስልክ መስታወት ላይ እያየ ይስቃል። የዚያው ሕፃን አያት በልጅነታቸው የሳቁት በጅብ ሞኝነትና በጦጣ ብልጠት ነበር። ከ2,400 ዓመታት በፊት ደግሞ የአቴና ከተማ ሕዝብ፣ የወፍና የተርብ ልብስ ለብሰው በሚጨፍሩ ሰዎች ሲስቅ ይውል ነበር። እነዚህ ሦስት ሣቆች ዘመዳሞች ናቸውን? ዘመዳሞችስ ከሆኑ ዝምድናቸው በደም ነው ወይስ በጠባይ ብቻ? ይህ ጽሑፍ ይህን ጥያቄ በአጭሩ ለመመርመር የተዘጋጀ ነው።

ጥያቄው የጨዋታ ብቻ አይደለም። ብዙዎቻችን በትምህርት ቤት የኤዞፕን ተረት በእንግሊዝኛ ማንበቢያ መጽሐፍ ስንማር፣ ቤታችን ውስጥ በአማርኛ የሰማነውን ተረት ግን «የልጅ ጨዋታ» ብለን ወደ ጎን ትተነዋል። ቴአትርንም ሙሉ በሙሉ ከባሕር ማዶ የመጣ ዕቃ አድርገን እንቈጥረዋለን። ይህ አስተያየት ምን ያህል ትክክል እንደ ሆነ ማየት ያስፈልጋል። ከዚህ በታች የውጭ አገር ሥራዎች ዘመን በአውሮፓውያን አቈጣጠር (እ.ኤ.አ.)፣ የአገራችን ግን በኢትዮጵያ አቈጣጠር (ዓ.ም.) ተሰጥቷል።

1. መመሳሰል ከምን ከምን ይመጣል?

ሁለት ሕዝቦች የሚመሳሰል ተረት ወይም ጨዋታ ቢኖራቸው፣ ምክንያቱ ከሦስቱ አንዱ ሊሆን ይችላል። አንደኛው በመጽሐፍ መተላለፍ ነው፤ አንዱ የጻፈውን ሌላው ይተረጕመዋል። ሁለተኛው ከአፍ ወደ አፍ መጓዝ ነው፤ ነጋዴ፣ ወታደርና መነኵሴ ከስንቃቸው ጋር ተረትም ይዘው ይሄዳሉ። ሦስተኛው የኑሮ መመሳሰል ነው፤ በሁለቱም አገር ገበሬ ካለ፣ በዓል ካለ፣ ንፉግ ጎረቤትና የሚፈራ ገዥ ካለ፣ ማንም ከማንም ሳይሰማ ተመሳሳይ ቀልድ ሊወለድ ይችላል።

እነዚህን ሦስቱን የማይለይ ሰው በቀላሉ ይሳሳታል። ለምሳሌ ሆሜር፣ አማልክቱ ነቀፋ ወደሌለባቸው ወደ «ኢትዮጵያውያን» ግብዣ ይሄዱ እንደ ነበረ ይናገራል። ይሁን እንጂ የግሪኮች «ኢትዮጵያ» ከግብፅ በስተደቡብ ያለውንና ከዚያም የሰፋውን የጥቁር ሕዝብ አገር ሁሉ የሚያጠቃልል ስም ስለ ነበረ፣ በስም ብቻ ተነሥቶ የግሪክ አፈ ታሪክ ከእኛ ተራራ ወጣ ማለት አይቻልም።

ሌላም ጥንቃቄ አለ። በገድለ ላሊበላ እንደ ተጻፈው፣ ንጉሡ በተወለደ ጊዜ ንቦች ከበቡት፤ እናቱም ይህን አይታ ንቦች ንግሥናውን ዐወቁ አለች፤ ስሙም ከዚህ ወጣ ይባላል። በግሪኮችም ዘንድ ሕፃኑ ዜውስ በቀርጤስ ዋሻ ውስጥ ንብ ማር እንደ መገበው፣ በሕፃኑ በፕላቶን ከንፈር ላይም ንቦች እንዳረፉ ይተረካል። መመሳሰሉ ግልጥ ነው፤ ምክንያቱም ማር በሚወደድበት አገር ሁሉ ንብ የጣፋጭነትና የሥርዓት ምልክት ናት። ነገር ግን ገድል በቤተ ክርስቲያን በእምነት የሚነበብ ጽሑፍ እንጂ ለሣቅ የሚወራ ተረት አይደለም። ስለዚህ ከዚህ ቀጥሎ የምንመለከተው ሕዝቡ ራሱ ለጨዋታ ብሎ የያዘውን ብቻ ነው።

2. ኮሜዲ ከቤት ወደ ቤት

አሪስጣጣሊስ «ፖዬቲካ» በተባለው ድርሰቱ ስለ ኮሜዲ መነሻ ሲናገር ሁለት ነገር ያስታውሰናል። አንደኛ፣ ኮሜዲ የተነሣው በፍሬያማነት በዓል ዘፈን ከሚያወጡት መሪዎች ነው። ሁለተኛ፣ ዶሪያውያን የተባሉት የግሪክ ነገዶች ቃሉን «ኮሜ» ከሚለው የመንደር ስም ያመጡታል፤ ተጫዋቾቹ ከመንደር ወደ መንደር ይዞሩ ነበርና። ሌሎች ደግሞ «ኮሞስ» ማለትም በጭፈራ የሚሄድ ሰልፍ ከሚለው ቃል ነው ይላሉ። በየትኛውም ትርጕም ቢሄዱ፣ የኮሜዲ አባት እየዞረ የሚዘፍን ቡድን ነው። በአቴና መንግሥት ዘንድ በይፋ ውድድር የተፈቀደለት በ486 ከክርስቶስ ልደት በፊት ሲሆን፣ ከዚያ በፊት ግን ሰዎች የወፍና የፈረስ ልብስ ለብሰው ሲጨፍሩ የሚያሳዩ የሸክላ ሥዕሎች ዛሬም አሉ።

በሮድስ ደሴትም ልጆች በፀደይ ወራት «ጨረባ መጣች» እንደ ማለት ያለ የወፍ መዝሙር እየዘፈኑ በየቤቱ ይዞሩ ነበር። ከባለቤቱ በለስ፣ ወይን ጠጅ፣ አይብና እንጀራ ይለምናሉ፤ ቢከለከሉ በሩን ነቅለው ወይም የቤቱን እመቤት ተሸክመው እንደሚሄዱ በቀልድ ያስፈራራሉ። ይህን ዘፈን አቴናዮስ የተባለ ጸሐፊ መዝግቦ አቆይቶታል።

ይህን ሲያነብ የላስታ ልጅ አይደነቅም። በቡሄ ወንዶች ልጆች ዱላ እየመቱ በየደጁ ሲጨፍሩ፣ ሙልሙል የሰጠውን ሲመርቁ፣ የነፈገውን ሲነካኩ ያውቃልና። ከቡሄ ቀጥሎ ደግሞ የፍልሰታ ጾም ሲፈታ ከነሐሴ 16 ቀን ጀምሮ የልጃገረዶቹ ተራ ይሆናል። ይህ በዓል በዋግ ሻደይ፣ በራያ ቆቦ ሶለል፣ በትግራይ አሸንዳ ሲባል፣ በላስታ አሸንድዬ ይባላል። ልጃገረዶቹ ለምለሙን ረጅም ሣር ጐንጕነው በወገባቸው ዙሪያ ያስራሉ፤ ከበሮ ይይዛሉ፤ አንዷ ታወጣለች፣ ሌሎቹ ይቀበላሉ። ግጥሙ ምርቃትም፣ ሙገሣም፣ ቀልድም ይዟል። በሌላው ጊዜ በአደባባይ ድምፅዋን የማታሰማ ልጅ በእነዚያ ቀናት ስለ ወንዱም፣ ስለ ባለጠጋውም፣ ስለ ጎረቤቱም የልቧን ትናገራለች፤ የሚቈጣትም የለም።

ይህ ነጥብ ዋና ነው። በአቴናም እንዲሁ ነበር፤ በዲዮኒሶስ በዓል ቀን ለኮረሱ የተፈቀደው ቃል በሌላው ቀን ቢነገር ያስከስስ ነበር። በዓል ለአንደበት የተሰጠ ፈቃድ ነው ማለት ይቻላል። አሸንድዬ ከግሪክ የመጣ ነው ለማለት ምንም ማስረጃ የለም፤ ማለትም አያስፈልግም። ምሳሌነቱ ለሦስተኛው መንገድ፣ ለኑሮ መመሳሰል ነው። አሪስጣጣሊስ ስለ ጥንቱ ዘመን በመላ ምት የጻፈውን ነገር ላስታ ውስጥ በየዓመቱ በዐይናችን እናየዋለን።

ስለ ኮረስም እንዲሁ ነው። በልደት ቀን በቤተ ማርያም ግቢ ካህናቱ «ቤዛ ኵሉ»ን ሲያቀርቡ፣ ከፊሉ ማሜ ጋራ በተባለው ከፍ ያለ የዓለት ጠርዝ ላይ ይቆማል፣ ከፊሉ ከታች ሆኖ ይመልሳል፤ የላዩ የመላእክት፣ የታቹ የሰዎች አምሳል ነው። ይህ አምልኮ እንጂ ቴአትር አይደለም፤ በዚያ ስም ሊጠራም አይገባውም። ነገር ግን በሁለት ወገን ተከፍሎ እየተቀባበሉ መዘመር ምን እንደ ሆነ፣ ሕዝብስ ከላይ ሆኖ ወደ ተፈለፈለ አደባባይ እንዴት እንደሚመለከት የላሊበላ ሰው ከማንም መጽሐፍ አይማርም። የግሪክ ኮረስን ከመጽሐፍ ብቻ የሚያጠና ተማሪ በዚህ ረገድ ላሊበላ ቢሄድ ብዙ ይረዳል።

3. አውሬ ለምን ይናገራል?

ኤዞፕ በሄሮዶቱስ ምስክርነት በሳሞስ ደሴት የነበረ ባሪያ ነው። በኋላም ፋይድሩስ የተባለው የሮማ ተራች፣ እርሱ ራሱ ከባርነት ነጻ የወጣ ሰው ሲሆን፣ ተረት የተፈለሰፈበትን ምክንያት ሲያስረዳ ባሪያ በግልጥ ሊናገር የማይደፍረውን በጨዋታ ሸፍኖ እንዲናገር ነው ብሏል። ይህ ለእኛ አዲስ ትምህርት አይደለም፤ ሰምና ወርቅ ያስለመደው ሕዝብ ነገሩን ገና ሳይጨርሱለት ይረዳዋል። አንበሳ ሲባል ማን እንደ ሆነ፣ ጅብ ሲባል ማን እንደ ሆነ የሚጠይቅ አድማጭ የለም። ቢጠየቅም ተራቹ «እኔ ስለ ጅብ ነው ያወራሁት» ብሎ ያመልጣል። አውሬው ጭምብል ነው።

የአቴናው አሪስቶፋኒስ ይህን ጭምብል ከምድጃ ዳር አንሥቶ ወደ መድረክ አወጣው። «ተርቦች» (422)፣ «ወፎች» (414)፣ «እንቍራሪቶች» (405) የተባሉት ኮሜዲዎቹ ስማቸውን ያገኙት ከኮረሶቻቸው ነው። በ421 በታየው «ሰላም» በተባለው ኮሜዲ ደግሞ ትሪጋዮስ የተባለ ገበሬ ጦርነቱ አሥር ዓመት ስለ ሞላው ተማርሮ፣ በትልቅ የፍግ ጢንዚዛ ላይ ተቀምጦ ወደ ሰማይ ይበርራል። ለምን በጢንዚዛ እንደ ሄደ ሲጠየቅ ከኤዞፕ ተረት የተማረው መሆኑን ራሱ ይናገራል። ስለዚህ ተረትና ድራማ በግሪክ አገር ዘመዳሞች መሆናቸውን የምናውቀው በግምት ሳይሆን በደራሲው ቃል ነው። ትሪጋዮስ ሰማይ ሲደርስ የሰላም አምላክ በዋሻ ውስጥ ተጥላ፣ በላይዋ ድንጋይ ተከምሮባት ያገኛታል፤ በገመድ ስበው የሚያወጧትም በመጨረሻ ገበሬዎቹ ናቸው። በ2013 መጨረሻና በ2014 ዓ.ም. ጦርነት ያለፈበት የላስታ ገበሬ ይህን ቀልድ ለመረዳት አስተርጓሚ የሚያስፈልገው አይመስለኝም።

አሁን ወደ አማርኛው ተረት እንመለስ። የምድጃ ዳር ተረት የሚጀምረው በጥሪና በምላሽ ነው፤ ተራቹ «ተረት ተረት» ሲል አድማጮቹ «የመሠረት» ብለው ይመልሳሉ። ይህ ትንሽ ነገር አይደለም፤ አድማጩ ገና ከመጀመሪያው ተቀባይ፣ ማለት የኮረስ አባል ሆኗል። ቀጥሎ የሚመጡት ገጸ ባሕርያት ጠባያቸው አስቀድሞ የታወቀ ነው፤ ጅብ ሆዳምና ሞኝ፣ ጦጣ ብልጥ፣ አህያ ታጋሽ፣ አንበሳ ባለሥልጣን። የግሪክ ኮሜዲ ጭምብልም ይህንኑ ያደርግ ነበር፤ ተመልካቹ ጭምብሉን እንዳየ ስግብግቡን ሽማግሌና ተንኰለኛውን አገልጋይ ለይቶ ያውቃቸዋል። አንዳንዴም አንድ ሙሉ ኮሜዲ በአንድ ምሳሌ ውስጥ ይጨመቃል፤ ጅብ በማያውቁት አገር ሄዶ ቍርበት አንጥፉልኝ አለ ሲባል፣ ገጸ ባሕርይ አለ፣ ቦታ አለ፣ ትዕቢትና ግብዝነትም አለ።

ብዙ ተረቶች ደግሞ የአንድን ነገር መነሻ ያስረዳሉ። በኤዞፕ ተረት ኤሊ ወደ ዜውስ ሠርግ አልሄድም፣ ከቤቴ የሚበልጥ የለም ስላለች ቤቷን ተሸክማ እንድትኖር ተፈረደባት። በአገራችን በሰፊው የሚታወቀው ተረት ደግሞ ስለ ሦስት መንገደኞች ነው። አህያ፣ ፍየልና ውሻ በአውቶቡስ ተሳፈሩ። አህያ ሒሳቧን በትክክል ከፈለች፤ ፍየል ሳትከፍል ወርዳ ሮጠች፤ ውሻ ከፍሎ መልሱን ሳይቀበል መኪናው ሄደበት። ስለዚህ እስከ ዛሬ ድረስ መኪና ሲመጣ አህያ ከመንገድ ፈቀቅ አትልም፣ ፍየል ትደነብራለች፣ ውሻ መልሱን ፍለጋ እየጮኸ ይከተላል። መኪና ከገባ በኋላ የተፈጠረ መሆኑ ግልጥ ስለ ሆነ፣ ይህ ተረት አንድ ትልቅ ነገር ያስተምረናል፤ ተረት የሞተ የጥንት ቅርስ ሳይሆን አዲስ ነገር ባየ ቍጥር የሚወልድ ሕያው ጥበብ ነው።

4. ከፊሳልጎስ እስከ ፋቡላ

በመጽሐፍ ስለ ተላለፈው ደግሞ ሁለት ግልጥ ማስረጃዎች አሉን። የመጀመሪያው ፊሳልጎስ ነው። ይህ ስለ እንስሳት ጠባይና ምሳሌነት የሚናገር መጽሐፍ በግሪክኛ ተጽፎ፣ በአክሱም ዘመን በቀጥታ ከግሪክኛ ወደ ግእዝ ተተርጕሟል። አንበሳውም፣ ንስሩም፣ ከአመዱ የሚነሣው ፊንቅስም በዚህ መንገድ መንፈሳዊ ትርጕም ለብሰው ወደ አገራችን ገቡ። የግሪክ እንስሳት ወደ ኢትዮጵያ መጀመሪያ የመጡት ለሣቅ ሳይሆን ለትምህርት ነበር።

ሁለተኛው የበለጠ ያስደንቃል። በ1913 ዓ.ም. ገደማ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም «ፋቡላ፤ የአውሬዎች ኮመዲያ» የተባለውን ድርሰት ጽፈው አሳዩ። ይህ ሥራ በዘመናዊ መልክ የተጻፈ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ቴአትር ተብሎ ይቈጠራል። ደራሲው በወጣትነታቸው ወደ ሩስያ ሄደው የጦር ትምህርት የተማሩ፣ በፈረንሳይና በእንግሊዝ አገርም የኖሩ፣ በኋላም የ1923 ዓ.ም.ን ሕገ መንግሥት በማርቀቅና በጄኔቫ በመንግሥታት ማኅበር ፊት ለኢትዮጵያ በመከራከር የታወቁ ሰው ናቸው። ተረቶቹን የወሰዱት ከፈረንሳዊው ከላ ፎንቴን ነው፤ ላ ፎንቴን ደግሞ ከኤዞፕና ከፋይድሩስ ወርሷል። እንግዲህ ከግሪክ እስከ አዲስ አበባ ድረስ ያለው መስመር ሳይበጠስ ይታያል። ርእሱም ራሱ ይናገራል፤ «ፋቡላ» በላቲን ቋንቋ ተረትም ቴአትርም ማለት ነውና።

ድርሰቱ በአውሬዎች አፍ የቤተ መንግሥቱን ሰዎች ስንፍናና ጉቦኛነት ይነቅፍ ነበር። የታየውም በመኳንንት ፊት ነው። ጭምብሉ ግን አልሸፈነም፤ ንግሥት ዘውዲቱ ቴአትር እንዳይታይ ከለከሉ፣ እርሳቸው በ1922 ዓ.ም. እስኪያርፉ ድረስም ክልከላው ጸንቶ ቆየ። አሪስቶፋኒስም በ426 ከክርስቶስ ልደት በፊት «ባቢሎናውያን» የተባለ ኮሜዲ ባሳየ ጊዜ፣ ክሌዎን የተባለው የአቴና ኀያል ከተማይቱን በእንግዶች ፊት አዋረደ ብሎ ከስሶታል። ልዩነቱ ይህ ነው፤ አሪስቶፋኒስ ከሁለት ዓመት በኋላ ክሌዎንን ራሱን በመድረክ ላይ እንደ ተንኰለኛ ባሪያ አድርጎ አቀረበውና አንደኛ ሽልማት አገኘ፤ የእኛ ቴአትር ግን ለዓመታት ዝም አለ። የአውሬ ኮሜዲ የልጅ ጨዋታ ብቻ ቢሆን ኖሮ ማን ይከለክለው ነበር?

በዚሁ ዓመት፣ ማለት በ1921 እ.ኤ.አ.፣ በአሜሪካ ፖል ቴሪ የተባለ ሠዓሊ «የኤዞፕ ተረቶች» የተባለውን ተከታታይ የካርቱን ፊልም ማሳየት ጀመረ። ኤዞፕ በአንድ ዘመን ሁለት ልጆች ወለደ ማለት ነው፤ አንዱ በአዲስ አበባ ተከለከለ፣ ሌላው በኒው ዮርክ ገበያ ወጣ።

5. ዘንዶው፣ ልዕልቲቱና ጭራቁ

የአኒሜሽን ፊልም የሚሠራው ጥቂት በጥቂት የሚለያዩ ሥዕሎችን በተከታታይ፣ ብዙውን ጊዜ በሰኮንድ 24 ሥዕል በማሳለፍ ነው። ዐይናችን ለያይቶ ማየት ስለማይችል ሥዕሉ የሚንቀሳቀስ ይመስለዋል። በዚህ ብልሃት አህያ መናገር፣ ጢንዚዛ ሰው ተሸክሞ መብረር ይችላል፤ የአቴና ሰዎች በጭምብልና ተዋናይ በሚያነሣ የእንጨት ማንሻ ይደክሙበት የነበረውን እርሳስና ቀለም በቀላሉ ይፈጽመዋል። ስለዚህ ፊልሙ ወደ ግሪክ ምንጭ ደጋግሞ መመለሱ አያስገርምም። ዋልት ዲዝኒ በ1934 የፐርሰፎኒን አፈ ታሪክ «የፀደይ አምላክ» በተባለው አጭር ፊልም አሳየ፤ ይህም በ1937 ለወጣችው ለ«ስኖው ዋይት» የሰው መልክ መሳያ ልምምድ ሆነ። በ1935 የኤሊና የጥንቸል ሩጫ የኦስካር ሽልማት አገኘለት። በ1997 በወጣው «ሄርኩሊስ» ደግሞ አምስት ሙሳዎች ልክ እንደ ግሪክ ኮረስ በየመካከሉ እየገቡ ታሪኩን በዘፈን ይተርካሉ፣ ይተርባሉም።

ከሁሉ የሚበልጠው ምሳሌ ግን በ2001 የወጣው «ሽሬክ» ነው። መሠረቱ በጣም የቈየ ነው። በግሪክ አፈ ታሪክ የ«ኢትዮጵያ» ንጉሥ የኬፌዎስ ልጅ አንድሮሜዳ ለባሕር አውሬ ምግብ እንድትሆን ከዓለት ጋር ታሰረች፤ ፔርሴዎስ መጥቶ አውሬውን ገድሎ አዳናት። በመካከለኛው ዘመን በክርስቲያኖች ዘንድ የቅዱስ ጊዮርጊስ ሥዕል ከዘንዶውና ከልጅቱ ጋር ተስፋፋ፤ በእኛም አገር ፈረሰኛው ሰማዕት፣ ዘንዶውና ብሩታዊት የሌሉበት ቤተ ክርስቲያን ማግኘት አስቸጋሪ ነው። በላሊበላ ከ11ዱ አብያተ ክርስቲያናት በመስቀል ቅርጽ ብቻዋን የተፈለፈለችው በእርሱ ስም የተሰየመችው ቤተ ጊዮርጊስ ናት። የቅዱሱን ታሪክ ምእመናን በእምነት ይቀበሉታል፤ በአውሮፓ ግን ከዚያ ጋር የሚመሳሰለው የሥጋዊው ተረት መስመር ወደ ልዕልትና ወደ ፈረሰኛ ወግ ተለወጠ፤ ልጆች ሁሉ የሚያውቁት ሆነ።

«ሽሬክ» ይህን ሁሉ ገለባብጦታል። አዳኙ ቆንጆ ፈረሰኛ ሳይሆን ጭራቅ ነው፤ ዘንዶዋ ሴት ናት፣ አህያውንም ትወድደዋለች፤ ልዕልቲቱም በመጨረሻ ቆንጆ ሆና ሳይሆን ጭራቅ ሆና ትቀራለች። ክፉው ገዥ ደግሞ የተረት ፍጥረታትን ሁሉ ከግዛቱ የሚያባርር ድንክ መኰንን ነው። ይህ ዐይነት መገለባበጥ አዲስ አይደለም። አቴናውያን ሦስት ትራጄዲ ካዩ በኋላ፣ ያንኑ የጀግኖች ዓለም የሚያላግጥ የሳቲር ድራማ ያዩ ነበር፤ ሙሉ ሆኖ ከቀረልን አንዱ የኤውሪፒዲስ «ሳይክሎፕስ» ነው፤ እርሱም ባለ አንድ ዐይኑን ሰው በላ የሚያታልል ብልጥ ሰው ታሪክ ነው። ይህን ታሪክ የእኛ ተረትም ያውቀዋል፤ ጭራቅ ሰውን ሊበላ ሲል ደካማው በብልሃት ያመልጣል። ነገር ግን በእኛ ተረት ጭራቁ እስከ መጨረሻው ጭራቅ ነው። አሜሪካዊው ፊልም ጭራቁን ሰው አደረገው፣ ባለሥልጣኑን ጭራቅ አደረገው። ሕፃናቱ የሚስቁት በአህያው ልፍለፋ ሲሆን፣ ትልልቆቹ ደግሞ በዚህ መገለባበጥ ይስቃሉ።

6. ምን አገኘን? ምንስ እናጣለን?

በአገራችን ተረትን ወደ ስክሪን ካመጡት የመጀመሪያው ሰው አባባ ተስፋዬ ሣህሉ ናቸው። ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ከተከፈተ ጀምሮ ለ40 ዓመታት ያህል ለልጆች ተረት ተርከዋል፤ በሐምሌ 2009 ዓ.ም. ዐርፈዋል። እርሳቸው የመድረክ ተዋናይም ነበሩ፤ ሴቶች ወደ መድረክ በማይወጡበት ዘመን፣ እንደ ግሪክ ተዋናዮች ሁሉ፣ የሴት ገጸ ባሕርይ ሆነው ተጫውተዋል። ተረትና ድራማ በአንድ ሰው ውስጥ እንዴት እንደሚኖሩ ከዚህ የሚበልጥ ምሳሌ አይገኝም። በ1990ዎቹ ዓ.ም. መጨረሻ ደግሞ «ፀሐይ መማር ትወዳለች» በተባለው ፕሮግራም አንዲት የአሻንጕሊት ቀጭኔ በአማርኛ ማስተማር ጀመረች። በር ተከፍቷል ማለት ነው።

ሆኖም በስልክ ላይ የሚመጣው ብዙው ፊልም የሌላ አገር ነው። ፊልሙ መጥፎ ነው ማለቴ አይደለም፤ ከዚህ በላይ እንዳየነው ሥሩ ጥልቅ፣ ጥበቡም ከፍ ያለ ነው። ነገር ግን ሦስት ነገሮች ይጐድሉታል። አንደኛ፣ ፊልም «የመሠረት» የሚል መላሽ አይጠብቅም፤ ሕፃኑ ከተቀባይነት ወደ ተመልካችነት ይወርዳል። ሁለተኛ፣ እንስሳቱ የጎረቤቶቹ አይደሉም። ከ4,000 ሜትር በላይ በሚደርሰው በአቡነ ዮሴፍ ተራራ ላይ ጭላዳና ቀይ ቀበሮ እያሉ፣ ልጁ ጠባዩን የሚያውቀው የፔንግዊንን ነው። ሦስተኛና ዋናው፣ ጭምብሉ ቢመጣም ከጭምብሉ በታች ያለው ፊት የእኛ አይደለም። የሽሬክ ድንክ መኰንን የሚነቅፈው የሌላ አገር ትዕቢት ነው፤ የጅብና የቍርበቱ ቀልድ ግን የራሳችንን ትዕቢት ይነቅፋል። የራሱን ጕድለት በራሱ ተረት የማይስቅበት ሕዝብ የሌላውን ጕድለት እያየ ሲስቅ ይቀራል።

መደምደሚያ

እስካሁን ከተባለው የሚከተለው ይወጣል። በግሪክ ኮሜዲ፣ በላስታ ተረትና በአኒሜሽን ፊልም መካከል ያለው ዝምድና አንድ ዐይነት አይደለም። በፊሳልጎስና በፋቡላ በመጽሐፍ የተላለፈ ዝምድና አለ፤ በዘንዶውና በልጅቱ ታሪክ ከአገር ወደ አገር የተጓዘ ዝምድና አለ፤ በአሸንድዬና በቡሄ ደግሞ የኑሮ መመሳሰል የወለደው ዝምድና አለ። ሦስቱን አንድ የሚያደርጋቸው ደካማው ኀይለኛውን በአውሬ ጭምብል ሆኖ መተረቡ ነው። ቴአትርም ባዶ ቤት አላገኘም፤ ቅርጹ ከውጭ ቢመጣም፣ የሚቀበለው ኮረስ፣ የሚያውቀው ጭምብልና የሚስቅ ሕዝብ አስቀድሞ ነበረ።

በ1940ዎቹ ዓ.ም. በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ የነበሩ ተማሪዎች የኢትኖሎጂ ማኅበር አቋቁመው፣ ከየአገራቸው የሰሙትንና ያዩትን ልማድ በመጽሔታቸው ያትሙ ነበር። እኛም በክረምት ወደየቤታችን ስንመለስ ይህን ሥራ መቀጠል እንችላለን። ለዚህ ብዙ ገንዘብ አያስፈልግም። ተረቱን በተራቹ አነጋገር መጻፍ፣ የተነገረበትን ቦታና ጊዜ ማመልከት፣ አድማጩ የት ላይ እንደ ሳቀና ምን ብሎ እንደ መለሰ መመዝገብ ይበቃል። በተለይ ሣቁን መተው አይገባም፤ ብዙ የተረት መጻሕፍት ምክሩን አስቀርተው ሣቁን ስለሚጥሉ ተረቱ ከብዶ ይቀራል። ነገ ሥዕል የሚችል አንድ የላስታ ልጅ የጅቡን ቍርበት ወይም የአህያዋን አውቶቡስ በአኒሜሽን ሊሠራ ቢነሣ፣ ኤዞፕን ከእንግሊዝኛ ከመተርጐም ይልቅ የአያቱን ቃል ተጽፎ ሊያገኘው ይገባል። አሁን ግን አያቶቹ እያረጁ ነው፣ ጻፊውም ገና አልተነሣም።